ዳገቱን የሚያወጣ ዘይት

ከዓባይ በረሃ ፍሪሲዮኑን አቃጥሎ ደብረ ማርቆስ የደረሰ የአይሱዙ ሾፌር ሌላ ጋራዥ አይጠይቅም፤ ቀጥ ብሎ አቶ አስማማው ግቢ ይገባል። አቶ አስማማው ዘይት የሚመርጡት በጣታቸው ነው። ጠብታውን በአውራ ጣትና በሌባ ጣታቸው መካከል ያሹታል፣ ያሸቱታል፣ ዓይናቸውን ጨፈን ያደርጋሉ። «ይሄ ዘይት ነው!» ካሉ ነገሩ አለቀ። በዚህ ጣት ስንት ሞተር ዳነ መሰላችሁ!

ልጃቸው ማንጠግቦሽ ከቴክኒክ ኮሌጅ ተመርቃ አብራቸው ትሠራለች። ቱታ ለብሳ ከመኪና ሥር ስትገባ መጀመሪያ ላይ የሚስቁ ሾፌሮች ነበሩ፤ ሳቃቸው ቶሎ አለቀባቸው። አንድ የማይነካ የቤት ሥርዓት ግን ነበር፤ ሰው ባለበት በአባት ቃል ላይ ቃል አይጨመርም። ማንም ተሰብስቦ አልደነገገውም፤ ማንጠግቦሽም ጥሳው አታውቅም።

በ2006 ዓ.ም. ጥር ሊያልቅ ሲል፣ ድረስ የሚባል የአምበር ልጅ አንዲት ነጭ ቪትዝ እየነዳ ግቢው ገባ። መኪናዋ ትንጫጫለች። ማንጠግቦሽ ኮፈኖውን ከፍታ ጆሮዋን ብትጥል ጩኸቱ ከሞተሩ አይደለም።

«ጫጩቶች ናቸው» አለ ድረስ አፈር ብሎ። «ከደብረ ዘይት ነው የማመጣቸው። ትናንት የተፈለፈሉ ናቸው።»

የኋላው ወንበር ላይ ቀዳዳ ቀዳዳ ያላቸው ካርቶኖች ተደርድረዋል። በአንዱ ቀዳዳ ቢጫ ምንቃር ብቅ ብሎ ተመለሰ።

«እነሱስ ደህና ናቸው። መኪናዋ ምን ሆነች?»

«ቆማ ስትነሳ ትንዘፈዘፋለች። እኔም አብሬያት።»

ማንጠግቦሽ ሳቋን ለመደበቅ አጎንብሳ የካምቢዮ ዘይቱን መለኪያ መዘዘች። ዘይቱ ጠቁሯል፣ ተቃጥሏል።

«ይህቺ እንደሌላው አውቶማቲክ አይደለችም» አለችው። «ውስጧ የሚቀያየር ማርሽ የለም። ሁለት ፑሊ ላይ የሚሄድ የብረት ቀበቶ ነው ያላት። ቀበቶው ፑሊውን ጨብጦ ካልያዘ ሞተሩ ይጮሃል እንጂ መኪናዋ አትሄድም። ዘይቷ ማለስለስ ብቻ ሳይሆን ማስያዝም አለበት።»

«ዘይት ደግሞ እንዴት ያስይዛል?»

«ለዚህ ብሎ ለብቻው የተሠራ አለ። ይኸው፣ መለኪያው ላይ ተቀርጿል፤ ሲቪቲ ይላል። ከዚህ ሌላ አትጨምሩ ይላል።»

ድረስ ጽሑፉን አየ፣ ቀጥሎ ዓይኖቿን አየ። ጽሑፉ ላይ ብዙም አልቆየም።

«እዚህ አይገኝም፤ ከአዲስ አበባ ነው የሚመጣው። እስኪመጣ ቀስ ብለህ ንዳ» አለች ፊቷን ወደ ሞተሩ መልሳ።

በዚህ መሃል አቶ አስማማው ሁለት ሾፌሮች አስከትለው መጡ። ነገሩን ሰሙና መለኪያውን ከእጇ ተቀበሉ።

«አውቶማቲክ አይደለች? አውቶማቲክ የሚጠጣው ቀይ ዘይት ነው። ይሄም ቢጠቁር ድሮ ቀይ ነበር፤ ጠርዙን እየው!» አሉና ከመደርደሪያው የተለመደውን የአውቶማቲክ ዘይት አወረዱ። በጣታቸው አሹት። «ቅቤ ነው እንጂ ዘይት ነው እንዴ ይሄ!»

ሾፌሮቹ ራሳቸውን ነቀነቁ። ማንጠግቦሽ አፏን ከፈተች። ድረስ ዞር ብሎ አያት፤ «ምን ልበል?» የሚል አስተያየት ነበር። እሷ ግን አፏን መልሳ ዘጋችና የያዘችውን ቁልፍ በጨርቅ መጥረግ ጀመረች። አሮጌው ዘይት ወጣ፣ ቀዩ ገባ።

ልንወቅሳት ይቃጣናል። ነገር ግን በሰው ፊት አባቱን «ተሳስተዋል» ብሎ የሚያውቅ እሱ ይውቀሳት።

ክፋቱ ደግሞ መኪናዋ መንዘፍዘፏን ተወች። አዲስ ዘይት ለጊዜው ያታልላል። ድረስ ከደብረ ዘይት በተመለሰ ቁጥር ግቢው ጎራ የሚልበት ምክንያት አያጣም፤ አንዴ ጎማው አየር ጎድሎት ነው፣ አንዴ መብራቱ ደብዝዞ ነው። ማንጠግቦሽ ጎማውን ስታየው ምንም አልሆነም። ቢሆንም ነፋችው።

አንድ ቀን እግሯን የምታነክስ ጫጩት በመዳፉ ይዞ መጣ።

«ይህቺን ማንም አይገዛኝም። አንቺ ዘንድ ትቆይልኝ።»

«እኔ የዶሮ መካኒክ ነኝ እንዴ?»

«አይደለሽም። ግን የያዝሽውን አትጥይም፤ አይቻለሁ።»

ማንጠግቦሽ እጇን ዘረጋች። ጫጩቷን በባትሪ ካርቶን ውስጥ አድርጋ በአምፖል አሞቀቻት። ከዚያ ወዲህ የድረስን መኪና ድምፅ ከአይሱዙዎች ሁሉ መሃል ትለየው ጀመር። ወደደችው። እሱም ወዷት ነበር፤ በአምበር የቅኔ መምህር ለሆኑት ላሳደጉት አጎቱ ለየኔታ ገብረ ኪዳን ነግሯቸው፣ «ከፋሲካ በኋላ ሽማግሌ ይዤልህ እሄዳለሁ» ብለውት ነበር።

«ዳገቱን እንዴት ትወጣለች?» ትለዋለች ሁልጊዜ።

«ፏ ብላ!» ይላታል።

እሷም «አባባ ልክ ሳይሆኑ አይቀርም» ብላ ራሷን ታጽናናለች። ግን በሙሉ ልቧ አላመነችውም።

የካቲት አጋማሽ ላይ ቪትዟ በገመድ ተጎትታ ገባች። ድረስ ከመሪው ሲወርድ ሸሚዙ ላብ ጠጥቷል። ማንጠግቦሽ ወደ ኋላው ወንበር ሮጠች። ካርቶኖቹ ዝም ብለዋል። ከአንዱ ብቻ ጭው ጭው የሚል ድምፅ ይሰማል።

«ድልድዩን ተሻግሬ ዳገቱን ስጀምር ሞተሩ ይጮሃል፣ መኪናዋ አትሄድም። በዚያ ሐሩር ቆምኩ። ልክ አንቺ እንዳልሽው ሆነች» አላት።

«ድረስ…»

«ስለዚህ ታውቂ ነበር።»

«አውቅ ነበር።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

«አባቴ ናቸው። ሰውም ነበር…»

«እኔስ? እኔ ሰው አልነበርኩም?»

አልጮኸባትም፤ ቢጮህ ይሻላት ነበር። የተረፉትን ጫጩቶች ካርቶን ታቅፎ በሚኒባስ ወደ አምበር ሄደ። መኪናዋን እንኳ ዞር ብሎ አላያትም። ማንጠግቦሽ እዚያው ግቢው መሃል ቆማ አለቀሰች፤ እንባዋን በጠረገችበት እጅጌ ፊቷን ዘይት ቀባችው።

አቶ አስማማው ከሾፌሮች ጋር ሆነው ቪትዟን በእግራቸው ነካ አደረጓት። «ድሮም የወረቀት መኪና ናት። እሷን ብሎ የዓባይ ዳገት!»

«አባባ» አለች ማንጠግቦሽ።

ሁሉም ዞረው አዩዋት። ድምፅዋ አልተንቀጠቀጠም።

«ጥፋቱ የመኪናዋ አይደለም፤ የዘይቱ ነው። ያ ዘይት ለሌላ አውቶማቲክ ነው የተሠራው። የዚህችን ቀበቶ አሙለጨለጨው። ያፈሰሱት እርስዎ ነዎት፤ እያወቅኩ ዝም ያልኩት እኔ ነኝ። አሁን ሄጄ ትክክለኛውን አመጣለሁ።»

ሾፌሮቹ እግራቸውን ማየት ጀመሩ። አቶ አስማማው እጃቸውን በጨርቅ ጠረጉ፣ ደግመው ጠረጉ፣ ከዚያ ወደ ቤት ገቡ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጃቸውን አላናገሯትም። ምሳ ሲቀርብ ግን አብረው ይበላሉ።

ማንጠግቦሽ ከቃሏ አልተመለሰችም። አንዴ ተናግራለች፤ እንግዲህ ወደፊት ነው። ጎህ ሲቀድ አውቶቡስ ተሳፍራ ዓባይን ወርዳ ወጥታ መርካቶ፣ የመኪና ዕቃ የሚሸጥበት ሶማሌ ተራ ገባች። የመጀመሪያው ባለ ሱቅ ፈገግ ብሎ አንድ ጣሳ ዘረጋላት።

«ለሁሉም የሚሆን ነው እህቴ።»

«ለሁሉም የሚሆን አልፈልግም።»

«ያው አይደለም እንዴ? ቀይ ነው፤ ተመልከቺው።»

«ቀይ መሆኑን ጠግቤያለሁ። ስሙን አሳየኝ።»

ከሱቅ ሱቅ ዞረች። አንዱ ጋ ስሙ ትክክል ሆኖ ክዳኑ ተነካክቷል፤ መለሰችው። ሌላው ጋ የለም፤ ሌላው ነገ ነይ ይላል። እግሯ እስኪዝል ዞራ በመጨረሻ የመኪናዋ መለኪያ ላይ የተቀረጸው ስም የተጻፈበት፣ ማሸጊያው ያልተነካ ጣሳ አገኘች፤ አንድ ካርቶን ሙሉ ገዛች። ካርቶኑን እግሮቿ መሃል አስቀምጣ እስከ ደብረ ማርቆስ እንቅልፍ አልወሰዳትም።

ከካምቢዮው ሥር ያለውን የዘይት መያዣ፣ ካርተሩን ፈታች። እዚያ ውስጥ ያለው ማግኔት እውነቱን ይናገራል፤ የብረት ስብርባሪ ከያዘ ካምቢዮው አልቆለታል። አውጥታ በብርሃን አየችው። የያዘው ልስልስ ያለ ግራጫ ጭቃ ብቻ ነው። ስብርባሪ የለም። «ተመስገን!» ብላ መሬት ላይ ተቀመጠች።

ፊልትሮውን ለወጠች። አዲሱን ሞላች፣ ሞተሩን አስነሳች፣ የካምቢዮውን እጀታ ወደ ፊትም ወደ ኋላም እያስገባች ዘይቱን በየቦታው አዳረሰችው፣ ግቢውን ዞረችበት። ከዚያ ያንን ሁሉ መልሳ አፈሰሰችው። አሮጌው በአንዴ አይወጣም፤ ካምቢዮው ሆድ ውስጥ ይደበቃል። እስኪጠራ ደጋግማ አጠበችው። በመጨረሻ ሞተሩ እየሠራ፣ ዘይቱ ሞቆ እያለ መለኪያውን መዘዘች። ልክ መስመሩ ላይ ነው። አቶ አስማማው ከበረንዳው ሆነው ይህን ሁሉ ሲያዩ ዋሉ፤ አየሁ አላሉም።

ለድረስ ደወለች።

«መኪናህ ተነስታለች፤ ና። ግን የዓባይን ዳገት ሳልፈትናት አልሰጥህም። የምነዳውም እኔ ነኝ።»

«እመጣለሁ» አላት።

በማግስቱ መጣ። ሰላምታቸው የእንግዳ ሰላምታ ነበር። ልትነሳ ስትል የኋላው በር ተከፈተና አቶ አስማማው ገብተው ካርቶኖቹ ይቀመጡበት የነበረው ወንበር ላይ ተቀመጡ። የጠራቸው የለም።

«ንጂያ» አሉ። ከዚያ ሁሉ ዝምታ በኋላ ይቺ የመጀመሪያ ቃላቸው ናት።

ደጀንን አልፈው ወረዱ። ሙቀቱ በመስኮት ገባ። ድልድዩ ጋ ደርሳ ዞረችና ሽቅብ ጀመረች። ድረስ ያን ቀን የቆመበት ጠመዝማዛ ተቃረበ። አቶ አስማማው በሁለቱ ወንበሮች መሃል ጭንቅላታቸውን አስገብተው ጆሯቸውን ሰጡ። ማንጠግቦሽ ነዳጁን ረገጥ አደረገች። ሞተሩ ድምፁን ከፍ አደረገ፤ መኪናዋም አብራው ሄደች። ሳታመነታ፣ ሳትጮህ፣ ከፊት ያለውን የጫነ አይሱዙ አልፋ ወጣች።

«ያዘች» አለ ድረስ ቀስ ብሎ።

ደጀን አፋፉ ላይ አቆመች። አቶ አስማማው ወርደው ኮፈኖውን ከፈቱ፣ መለኪያውን መዘዙ፣ ዘይቱን በጣታቸው አሹት፣ አሸተቱት።

«ያኛው ከዚህ ይለሰልስ ነበር» አሉ።

«አዎ አባባ። ጥፋቱም እሱ ነበር።»

ጣታቸውን አዩት። «ይሄ ጣት ለካ የሚያውቀው አይሱዙን ነው» አሉና ፈገግታቸውን ለመደበቅ ወደ ሻይ ቤቱ ሄዱ።

ሁለቱ ብቻቸውን ቀሩ። ከታች ሸለቆው ጭጋግ ለብሷል። መጀመሪያ የተናገረችው እሷ ናት።

«ያን ቀን ላንተ ስል መናገር ነበረብኝ። አልተናገርኩም። ዛሬም ያመኛል።»

«ከዚያ በኋላስ ተናገርሽ አይደል? ሾፌሮቹ ወሬውን አንቺ ሳትደውዪልኝ አምበር አድርሰውታል» አለ እየሳቀ። ከዚያ ሳቁን ተወ። «ማንጤ፣ ጫጩቶቹ ሲሞቱ የተናደድኩት በነሱ አይመስልሽ። አንቺን ያጣሁ ስለመሰለኝ ነው።»

«አላጣኸኝም» አለችው። «ያቺ አንካሳዋም አለች። ክንፍ አውጥታለች።»

እጇን ያዛት። ዘይት ነበረበት፤ አልተወውም።

በዳግማይ ትንሣኤ እሑድ ነጯ ቪትዝ ታጥባ አቶ አስማማው ደጃፍ ቆመች። የኔታ ገብረ ኪዳን ከሁለት ሽማግሎች ጋር ወረዱ። ሙሽራ ለመሆን የተመኘው ሾፌር ግን እንደ ደንቡ መኪናው ውስጥ ቀረ።

ሽማግሎቹ ገብተው ቆሙ። ጉዳያቸው ካልተሰማ፣ «እሺ» ካልተባሉ አይቀመጡም።

«ልጅዎን ለልጃችን ለድረስ ብለን መጥተናል» አሉ የኔታ።

የልጅ አባት በዚህ ጊዜ የሚለው የታወቀ ነው፤ «ዘመድ ላማክር፣ ሌላ ቀን ተመለሱ» ይላል። አቶ አስማማው ግን ወደ ጓዳው ዞሩ።

«ማንጠግቦሽ! ወዲህ ነይ።»

ነጭ ቀሚስ ለብሳ ወጣች።

«የኔታ፣ እኔ ባለፈው በጣቴ ፈርጄ ተሳስቻለሁ» አሉ አቶ አስማማው ሁሉም እንዲሰማ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው። «የምታውቅ ልጅ እያለችኝ ዳግመኛ አልሳሳትም። ልጄ፣ ሰው አለ ብለሽ ዝም አትበይ። መልሱን አንቺ ስጫቸው።»

ማንጠግቦሽ አባቷን አየቻቸው፤ ዓይናቸው እንባ አቅርሯል። ከዚያ ሄዳ አግዳሚውን ወንበር ወደ ሽማግሎቹ ሳበች።

«የኔታ» አለች ጥርት ባለ ድምፅ፣ «ይቀመጡ።»

የኔታ ገብረ ኪዳን መቋሚያቸውን ግድግዳው ላይ አስደግፈው ተቀመጡ። ድረስ በተከፈተው በር በኩል ሲቀመጡ አያቸውና ግንባሩን መሪው ላይ ደፋ።