ጥላን የደበቀው ቁጥር

አዝመራው የለወጠው አንድ ቁጥር ብቻ ነው። አንዱን ዜሮ አደረገው። ከዚያ ወዲያ በእንጅባራ ከተማ ቀና ብሎ መሄድ አቃተው።

ነገሩ የጀመረው በ2008 ዓ.ም. ኅዳር ላይ፣ ጉም መንገዱን ሸፍኖት በዋለ ቀን ነው። አዝመራው የዳንግላ ልጅ ነው። ሕንድ አገር አራት ዓመት ኮምፒውተር ተምሮ ተመልሷል፤ እንጅባራ አክስቱ ቤት ተቀምጦ ሥራ ይፈልጋል። የትምህርት ማስረጃውን ለማባዛት ከመናኸሪያው ጀርባ ካለች ፎቶ ኮፒ ቤት ገባ።

«ስንት ኮፒ?» አለችው ልጅቷ፣ ቀና ብላ ሳታየው።

«ሦስት» አለ። ዐይኑ ግን ኮምፒውተሯ ላይ ቀርቷል። ፈረሶች ይጋልባሉ። ሩጫቸው የፈረንጅ ጨዋታ ነው፤ ኮርቻቸውና ቀይ ዘርፋቸው ግን የአዊ።

«ይሄን ማን ሠራው?»

«ጨዋታውን ፈረንጅ። ልብሱን እኔ።»

ሶስና ትባላለች። ኮምፒውተር ማንም አላስተማራትም፤ ኔትወርክ በመጣ ቁጥር እያነበበች ራሷን አስተማረች። ሌላ ሰው በሠራው ጨዋታ ላይ የራሷን ትጨምራለች፤ እንዲህ ያለውን ጭማሪ ሞድ ይሉታል። ሁለት ዓመት ሙሉ፣ ደንበኛ በሌለ ሰዓት፣ ሜዳውን፣ ቀርቀሃውን፣ የአገሩን ፈረሰኞች አንድ በአንድ ሥላለች።

«ለማን ነው?»

«ለአባቴ።»

አባቷ ጋሽ አድማሴ ስመ ጥር ፈረሰኛ ነበሩ። ከሦስት ዓመት በፊት ወድቀው ዳሌያቸው ተሰበረ፤ ዳግመኛ ኮርቻ ላይ አልወጡም። ፈረሳቸውም በዓመቱ ሞተ። ሶስና ያንን ፈረስ ፀጉር በፀጉር ሥላዋለች፤ በጥር የፈረሰኞች በዓል በከተማው አዳራሽ ልታሳያቸው ነው። አዝመራው ይህን ሁሉ ሰማ። የፈረሱን ስም ግን አልጠየቀም።

በማግስቱም መጣ። በሣልስቱም።

«ማስረጃህን ለሕንድ ሕዝብ በሙሉ ልታድል ነው እንዴ?» አለችው፣ አሁን ቀና ብላ እያየችው።

«አንዱ ደብዝዟል።»

«ውሸታም!» ሳቀች። ሳቋ አብሮት አክስቱ ቤት ድረስ ሄደ።

«ኢንጂነር» ትለው ጀመር። ሲሰማው ደስ ይለዋል፤ ያሳፍረዋልም። አንድ ቀን «ኢንጂነር፣ አንተስ ምን ሠርተሃል?» ብትለው ስለ ሕንድ ሙቀት አወራላት። ፈተና አልፏል እንጂ በእጁ የሠራው አንድም ነገር አልነበረም።

የሶስና ኮምፒውተር አሮጌ ነው። ሠላሳ ፈረስ አንድ ላይ ሲወጣ እየተንገጫገጨ ይቆማል።

«በጨዋታው ውስጥ አታስተካክይውም?»

«የውስጡ ማስተካከያ የኔን ሞድ አያውቀውም። ሞዱ የሚስተካከለው ከውጭ ነው፤ ጨዋታው ሳይከፈት፣ እዚች የጽሑፍ ፋይል ላይ። አንድ ያበራል፣ ዜሮ ያጠፋል።»

«ከውጭ ከሆነማ የኔ ሥራ ነው» አለ ከውጭ የመጣው አዝመራው። ሁለቱም ሳቁ።

የበዓሉ ዋዜማ ሶስና ለምሳ ወደ ቤት ሄደች። «ቤቱን እይልኝ» አለችው። አዝመራው ብቻውን ሲቀር ፋይሏን ከፈተ። አማርኛውን በእንግሊዝኛ ፊደል ነው የጻፈችው፤ ሣር፣ ጉም፣ ጥላ እያለ ይወርዳል። አሮጌ ኮምፒውተርን እንደ ጥላ የሚያደክመው የለም፤ ይህን ተምሯል። ከጥላ ፊት ያለውን አንድ ሰረዘና ዜሮ ጻፈ።

ጨዋታውን ከፈተው። ፈረሶቹ ሳይንገጫገጩ፣ እንደ ውኃ ፈሰሱ። መሬቱን አየ፤ ጥላ የሚባል የለም። ድሮም እንዳልነበረ ልብ አላለም። ልንገራት? ነገ በሰው ፊት ስታየው ትደነቅ ብሎ ዝም አለ።

በማግስቱ ጋሽ አድማሴ ነጭ ለብሰው በጎረቤታቸው በሽመክት ባጃጅ መጡ። ሽመክት ደግፎ አውርዶ ከፊት ወንበር አስቀመጣቸው። አዳራሹ ጢም ብሏል። በፕሮጀክተር ግድግዳው ላይ ፈረሶቹ አንድ በአንድ ብቅ ሲሉ ባለቤቶቹ ይጮሃሉ።

«ያ የኔ ነው! ቦቃውን እዩት!»

ጋሽ አድማሴ ከዘራቸውን ጨብጠው ጠበቁ። ሃያ ዘጠኝ ፈረስ አለፈ። ከዚያ ባዶ ሜዳ መጣ።

«ጥላስ?» አሉ። ድምፃቸው ቀጭን ነበር። «ሶስና፣ ጥላ የታል?»

አዝመራው አጠገቡ የቆመውን ሽመክትን «የምን ጥላ?» አለው።

«ፈረሱ ነዋ! የጋሽ አድማሴ ፈረስ ስሙ ጥላ አልነበር? አገር የሚያውቀውን!»

አዝመራው ትናንት የጻፋትን ዜሮ አሰበ።

«አድማሴ፣ ፈረስህ ሣር ሊግጥ ሄደ?» አለ አስማረ የሚባለው ተረበኛ ፈረሰኛ። አዳራሹ ሳቀ።

«ተዉ» አሉ ጋሽ አድማሴ። «የሞተ ፈረስ አይመጣም።»

ሶስና በሁሉም ፊት ቆመች። «ስህተቱ የኔ ነው» አለች። ከዚያ ዐይኗን ወደ አዝመራው ላከች፤ ሰው የሚያምነውን ሰው በሚያይበት አኳኋን። አዝመራው አፍ ነበረው። አልተናገረበትም።

ሶስና ፋይሉን አልነካችውምና ችግሩ ከዚያ ነው ብላ አልጠረጠረችም። ሥዕሌ ነው የተበላሸው ብላ ፈረሱን እንደ አዲስ መሳል ጀመረች። አራት ቀን ጋማውን ሳለች፣ አጠፋች፣ ሳለች። አዝመራው አጠገቧ ተቀመጠ።

«እስኪ አንተ እየው፣ ኢንጂነር። እኔ ዐይኔ ፈዘዘ» ብላ ማውሱን ሰጠችው።

ያዘው። ያየ መሰለ። «ከባድ ነው» አለ። ቃሉ ከአፉ እንደወጣ ራሱን ጠላ። ራሴን አሞኛል ብሎ ወጣ፤ ሦስት ቀንም ከደጇ አልደረሰም። ከአሁን አሁን ትደርስብኛለች እያለ ባጃጅ በቆመ ቁጥር ይደነግጣል። ነገሩን አለማወቋ ደግሞ ከማወቋ የባሰ ሆነበት።

በአራተኛው ቀን ሄደ። አልተቀመጠም።

«ጥላን እኔ ነኝ ያጠፋሁት። ዋዜማው ዕለት፣ ከውጭ። የመሬት ጥላ መስሎኝ።»

ሶስና እጇን ከማውሱ ላይ አነሣች። ፎቶ ኮፒው ያጉረመርማል።

«አራት ቀን ስስል አጠገቤ ተቀምጠህ ነበር።»

«አዎ።»

«ምን ነበር 'ጥላ ምንድን ነው?' ብትለኝ? አንዲት ጥያቄ!»

«ኢንጂነር ስትይኝ... አለማወቄን እንዳታዪብኝ።»

«አለማወቅህንማ በመጀመሪያው ቀን አይቻለሁ» አለች። ዐይኗ እንባ ሞልቷል። «እሱ አልነበረም የሚያስጠላኝ።» ፋይሉን ከፍታ ዜሮውን አንድ አደረገች። ጨዋታውን ግን አልከፈተችም። «ለአባቴ ራስህ ንገረው።»

ጋሽ አድማሴ ሰምተውት ሲያበቁ ከዘራቸውን መሬት ላይ ተከሉ።

«ልጄ፣ በአደባባይ የጠፋ ፈረስ በአደባባይ ነው የሚመለስ።»

«እንዳሉ፣ ጋሼ። እርስዎ ባሉት ቀን።»

እሑድ ፈረሰኞቹ ለማኅበር ስብሰባቸው በዚያው አዳራሽ ተሰበሰቡ። አዝመራው ተነሥቶ ቆመ። የሠራውን ተናገረ፤ ዝም ማለቱንም፣ አራቱን ቀንም አልደበቀም።

«አራት ዓመት ተምሮ ጥላን ከፈረስ አልለየም!» አለ አስማረ። አዳራሹ ፈነዳ። አዝመራው እዚያው ቆሞ ሳቁን እስከ መጨረሻው ጠጣው።

ከዚያ ሶስና ጨዋታውን ከፈተች። ሃያ ዘጠኙ አለፉ። ሜዳው ባዶ ሆነ... ዳማው ፈረስ ከጉሙ ወጣ። እየተንገጫገጨ፣ እየቆመ፣ እየተነሣ መጣ፤ ለካ ኮምፒውተሩን ያደክም የነበረው ፀጉር በፀጉር የተሳለው እሱ ነው። ያ አሮጌ ኮምፒውተር የመሬት ጥላ መሳል አይችልምና ጥላ ያለ ጥላ ሮጠ።

የሳቀ የለም። ጋሽ አድማሴ በአገውኛ አንድ ነገር አሉ፤ ለፈረሱ ነበር የሚመስለው። አዝመራው በልጅነቱ የተዋት ቋንቋ ናት። ወደ ሶስና ጠጋ ብሎ ጠየቀ።

«ምን አሉ?»

ፊቱን አየችው። ጥፋቱን ከነገራት ወዲህ የመጀመሪያ ጊዜዋ ነበር።

«'ከሳህብኝ' ነው ያለው።»

አዝመራው በሚያዝያ ዳንግላ ሥራ አገኘ። ቅዳሜ ቅዳሜ በሚኒባስ ይመጣል። ሶስና ኢንጂነር ማለቱን ትታለች፤ በስሙ ትጠራዋለች። ሲመጣ ደህና ዋልህ ትለዋለች፤ ሲሄድ ግን ደግመህ ና አትለውም።

አንድ ቅዳሜ ፋይሏን ክፍት አገኘው። ከመጨረሻው መስመር ላይ የራሱ ስም አለ፤ ከፊቱ ዜሮ።

«ይህ ምንድን ነው?» አላት።

«መጠየቅ ተማርክ» አለች ፈገግ ብላ። «ሰው ነው። ጠፍቷል።»

«መቼ ነው የሚበራው?»

«አላውቅም። ምሳ በልቼ ልምጣ፤ ቤቱን እይልኝ።»

ሄደች። ፋይሉ ክፍት ነው፤ ቁጥሩ ከጣቱ ስንዝር አይርቅም። አዝመራው እጆቹን ጉልበቱ ላይ አኖረ፤ ሳያነሣቸው ቆየ።

ስትመለስ አስቀድማ ያየችው ቁጥሩን ነው። ዜሮ ነው። ቆማ እጆቹን አየች። ከዚያ ጎንበስ ብላ በራሷ ጣት አንድ ጻፈችና ጨዋታውን ከፈተችው።

ከሜዳው ዳር፣ ከቀርቀሃው ሥር፣ አንድ ሰው የጥላን ልጓም ይዞ ቆሟል። አንገቱን ደፍቷል።

«አንገቴን ለምን አስደፋሽኝ?»

«ቀና ብለህ ያየሁህ አንድ ቀን ብቻ ነው» አለች ሶስና፣ ወንበሯን ወደ እሱ እየሳበች። «በሰው ፊት ቆመህ ሲሳቅብህ። ያንን ለመሳል ደግሞ ጊዜ ይፈጃል። ትጠብቃለህ?»