ጫማዬን ዝም ያሰኘችው እህቴ

ማመን አለማመን የእናንተ ፋንታ ነው። እኔ የማወራው በራሴ የደረሰውን ነው።

ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት፣ ጠራራ ፀሐይ ነበር። የምንሠራበት መዝገብ ቤት ግን ምድር ቤት ስለሆነ ፀሐይ አያውቀውም።

ሥራ ያስገባችኝ ታላቅ እህቴ ናት። እትዬ ነው የምላት። እዚያ ስድስት ዓመት ስትሠራ ጫማዋ ሲጢጥ ሲጢጥ እንዳለ ነው። «ኧረ ለዚህ ጫማ እዘኚለት» እያሉ ይቀልዱባታል። ትስቃለች እንጂ አትቀይረውም።

የእኔም አዲሱ ጫማ ይጮኻል።

«አውልቂው» አለችኝ የዚያን ቀን። «ጆሮዬን በላው።»

የውስጥ ሶሉን አንስታ የሕፃን ፓውደር ነሰነሰችበት። በጥድፊያ ስትነሰንሰው ግማሹ መሬት ላይ ፈሰሰ።

ተራመድኩ። ፀጥ...

«ያንቺንስ?»

«ሻይ ጠጥቼ መጣሁ» ብላ ጉንጬን ሳመችኝ። ሻይ ልትጠጣ የምትሄድ ሰው እንደዚያ ጥብቅ አድርጋ አትስምም።

በሩ ከውጭ ተቆለፈ።

ኮቴዋ ሲጢጥ ሲጢጥ እያለ ደረጃውን ወጣ... ከዚያ ጠፋ።

«እትዬ?»

ከኋላዬ አንድ ፋይል ወደቀ።

ዞር አልኩ። ፓውደሩ ላይ የጫማዬ ዱካ አለ። ከጎኑ የባዶ እግር ዱካ... ጣቶቹ ወደ እኔ።

በሩን ደበደብኩ። የከፈቱልኝ የመሥሪያ ቤቱ ሽማግሌ ዘበኛ ናቸው። መጀመሪያ ያዩት ፊቴን ሳይሆን ጫማዬን ነው።

«ማነው ዝም ያሰኘው?» አሉ በሹክሹክታ።

«እህቴ።»

«ልጄ... እዚህ ምድር ቤት ያለው እሱ ድምፅ ይፈራል። ግን ኮቴው የማይሰማ ሌላ ሰው እስኪያገኝ የያዘውን ሰው አይለቅም።»

«እሷ ታውቃለች?»

«የነገርኳት እኔ ነኝ።»

«ሥራ አገኘሁልሽ» ብላ ስታቅፈኝ በደስታ ያለቀስኩት ትዝ አለኝ። አንድ ጡት ጠብተን ያደግን ልጆች ነን። ከፍርሃቱ ይልቅ ዛሬም የሚያመኝ ክህደቷ ነው።

እትዬ አሁን ድምፅ የሌለው ጫማ ታደርጋለች አሉ።

እኔ ሥራውን ለቀቅኩ። ያን ጫማ ጥዬ የባሰ የሚጮህ ገዛሁ። ማታ በር ሥር አስቀምጠዋለሁ።

ቤቴ ውስጥ ፓውደር የሚባል ነገር የለም። ጠዋት ስነሳ ግን ጫማው ውስጥ ተነስንሶ አገኘዋለሁ...

ከጫማው እስከ አልጋዬ ድረስ ነጭ የባዶ እግር ዱካ አለ።

የሚመለስ ዱካ ግን የለም።