የሚስ ሞራግ መርዶ

«እግርሽ ከእጅሽ ቀድሞ ሮጠ! እንደገና!» አሉ ሚስ ሞራግ ከወንበራቸው ሆነው።

ኤልዳና ቫዮሊኑን አገጯ ሥር አስተካክላ እንደገና ጀመረች። እየተጫወቱ ወለሉን በእግር መምታት ቀላል ነገር አይደለም፤ እጅ አንድ ነገር ሲል እግር ሌላ ይላል። ለሚስ ሞራግ ግን የዕድሜ ልክ እንጀራቸው ነበር። ተወልደው ካደጉባት ኬፕ ብሪተን ከምትባል የካናዳ ደሴት ተነሥተው፣ እሳቸው በቫዮሊንና በእግራቸው፣ ወንድማቸው አንገስ ደግሞ በፒያኖ፣ ያልዞሩበት የሠርግ አዳራሽና መድረክ የለም። አሁን ልባቸው ደክሞ፣ ጣቶቻቸው ተቆልምመው፣ ሚድ ሲቲ በሚባለው ሰፈር ባለ አፓርታማቸው የኦክስጅን ቱቦ አፍንጫቸው ላይ አድርገው ይውላሉ። ተንከባካቢያቸው የኤልዳና እናት ሰገነት ናት። ኤልዳናም ከትምህርት ቤት መልስ እናቷን ልትጠብቅ ስትመጣ ነው ይህ ሙዚቃ የለከፋት።

«ኤልዱ፣ አንዴ ነይ» ብላ እናቷ ከኩሽና ጠራቻት። ዓይኗ ቀልቷል። በሩን ገፋ አድርጋ በሹክሹክታ፣ «አንገስ አርፏል። ጠዋት ከካናዳ ሲደውሉ ስልኩን እኔ ነኝ ያነሳሁት» አለቻት።

ኤልዳና ክው አለች። «ሶ… ሚስ ሞራግ አታውቅም?»

«እንዴት አድርጌ ልንገራቸው? እኛ እናረዳቸዋለን ብያለሁ። እሑድ በማለዳ የዕድራችንን ሽማግሌዎች፣ እነጋሼ አሥራትን ይዤ፣ እህል ቀምሰው…»

«ቀብሩስ?»

«ቅዳሜ ነው።»

«እማ! አይሆንም! እሷና አንገስ ቃል ተገባብተዋል እኮ፤ የቀረው የሞተውን በሙዚቃ ሊሸኘው። መሄድ ባትችል በስልክ ትጫወትለታለች።»

«ቀብር ላይ ቫዮሊን?»

«አገራቸው እንደዛ ነው።»

ሰገነት ግድግዳውን ተደገፈች። «እኔ የአባቴን ሞት የሰማሁት ፓርኪንግ ስሠራ ነው፤ በስልክ፣ ብቻዬን። ሰው ከኋላ ክላክስ ያደርግብኛል፣ እኔ እጄን ማንሳት አቅቶኛል። እንዲህ ያለውን ለጠላቴም አልመኝ።»

ኤልዳና ይህን ሰምታ አታውቅም።

«ኤልዳና!» አሉ ሚስ ሞራግ ከሳሎን። «አንገስ ዛሬ ይደውላል። አዲሱን ዜማ ታሰሚዋለሽ፣ ኦኬ?»

እናቷ በዓይኗ ለመነቻት። «ኦኬ» ብትል ያበቃ ነበር፤ ትንሽ ውሸት ናት፣ እሑድ ድረስ ታደርሳለች። ቅዳሜ ግን ካለፈ አለፈ።

«እማ፣ የጎዳሽ መስማትሽ ነው ወይስ ብቻሽን መሆንሽ?»

ሰገነት ምድጃውን አጥፍታ እጇን በፎጣ አደራረቀች፤ ከዚያም ከልጇ ቀድማ ወደ ሳሎን ወጣች።

ከግራና ከቀኝ ተቀመጡ። ሰገነት የሚስ ሞራግን እጅ ያዘች።

«ሚስ ሞራግ» አለች ኤልዳና። «አንገስ አይደውልም። ዛሬ ጠዋት አርፏል።»

«እኔን! እኔን!» አለች ሰገነት በአማርኛ፤ እንባዋ ቀደማት። ሚስ ሞራግ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ።

«ቀብሩ አለፈ?»

«አላለፈም። ቅዳሜ ነው።»

እጃቸውን ወደ ቫዮሊኑ ዘረጉ። ጣቶቻቸው ክሮቹን መጫን እምቢ አሏቸው፤ ደግመው ሞከሩ፤ የወጣው ሲጥሲጥታ ብቻ ነበር። ያኔ ነው ያለቀሱት፤ እንደ ሕፃን፣ ሳይደብቁ።

ሲበርድላቸው ቫዮሊኑን ለኤልዳና መለሱላት። «የሱን መሸኛ ዜማ አታውቂውም» አሉ። «ቀስ ያለ ነው፤ ከባድ ነው።»

ኤልዳና ለቅዳሜ እንደምትደርስበት እርግጠኛ አልነበረችም። ቢሆንም ቫዮሊኑን አገጯ ሥር አደረገች።

«ከየትኛው ክር ነው የሚጀምረው?»