መደርደሪያው ላይ የተገኘው ሳጥን

ዓርብ ሻባት፣ የሰንበት ዕረፍት፣ ሊገባ ሲል ይታይሽ የዘገየባትን ባሏን ፍለጋ ብትሄድ፣ ገሠሠን ከቢሮው ደረጃ ሥር ሞቶ አገኘችው። ቢሮው ናሕሊኤል ሰፈር የሚገኝ፣ ወደ እስራኤል አዲስ የገቡ ልጆችን የጤና መረጃ በኮምፒውተር የሚያሰላ ትንሽ መሥሪያ ቤት ነው። ሐሙስ ዕለት ኃላፊው ዮሐናን «ይህን የታመሙ ልጆች ቁጥር ከራስህ ፈጥረኸዋል» ብሎ በሰው ፊት አዋርዶት ነበርና፣ ሰው ሁሉ ራሱን ወረወረ አለ። ይታይሽን ያንገበገባት ይኸው ነው። ሞቱ አንሶ ስሙም አብሮ ሊቀበር።

ለቅሶው ላይ ከሁሉ ኀዘኑ የባሰበት ቀለሙ ነበር። የገሠሠ ባልደረባ፣ የሰርጋቸው ሚዜ፤ ከዐሥር ዓመት በፊት በሱዳን በረሃ እግሩ ሲያብጥ ገሠሠ አዝሎ ያሻገረው ሰው። እህል አልቀምስም ስላለ ይታይሽ በእጇ አጎረሰችው።

መርማሪ አስመረች አጠገባቸው ተቀመጠች። «እትዬ ይታይሽ፣ ይችን ደብተር ያውቋታል?»

«የሱ ናት። የሚሠራበትን የኮምፒውተር ፕሮግራም መለያ ቁጥር ሳይቀር ይጽፍባታል።»

«ፕሮግራሙን ማን አመጣው?»

«እኔ ነኝ» አለ ቀለሙ። «ከኩባንያው ወኪል፣ በሪሻዮን ማለት በሕጋዊ ፈቃድ። ሳጥኑ መደርደሪያው ላይ አለልሽ።»

«ጋሼ ቀለሙ፣ ዓርብ ከሰዓት የት ነበሩ?»

«ከቀትር ጀምሮ ቤቴ። ሻባት ሊገባ አይደል?»

በማግስቱ አስመረች ሁሉንም ቢሮው ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«የደብተሩና የሳጥኑ ቁጥር አይገናኙም» አለች። «ስለዚህ ገሠሠ የሠራበት ፕሮግራም ከዚህ ሳጥን አልወጣም። ኩባንያውን ጠየቅሁ፤ በደብተሩ ቁጥር ፈቃድ ሰጥተን አናውቅም አሉኝ። ያለ ፈቃድ ከሰው የተቀዳ ነው። በባለሙያ አስመረመርሁት፤ ከታመሙት ልጆች ግማሹን ሳይቆጥር ይዘላል። ገሠሠ አልዋሸም።»

ዮሐናን አንገቱን ደፋ።

«ኢላና፣ ዓርብ ስትወጪ ሳጥኑ ነበር?»

«አልነበረም» አለች ጸሐፊዋ። «መደርደሪያውን ለሻባት የወለወልሁት እኔ ነኝ። ገሠሠን ብቻውን ትቼው ወጣሁ።»

«ማታ እኔ ስገባ ግን ነበረ። ወኪሉ ያስረከበውም በዚያው ዓርብ ቀትር ነው፤ የፈረሙት እርስዎ ነዎት፣ ጋሼ ቀለሙ። እንግዲህ ቤቴ ነበርሁ ያሉት ውሸት ነው፤ ወይ ሲወድቅ ነበሩ፣ ወይ ሬሳውን ተራምደው አልፈዋል።»

ቀለሙ ግድግዳውን ተደግፎ መሬት ላይ ተቀመጠ።

«ወኪሉ ሁለት ወር ጠብቅ አለኝ። ቸኮልሁና የተቀዳ ዲስኬት ጭኜ ሕጋዊ ነው አልሁ። ሐሙስ ሲዋረድ ዝም አልሁ። ዓርብ ዋናው ሲደርስ በስውር ልተካው መጣሁ፤ ሳጥኑን ሳስቀምጥ ደረሰብኝ። ልሸሽ ስል ደረጃው ላይ ክንዴን ያዘኝ። ገፋሁት።»

«ሲይዝህ ምን አለህ?» አለች ይታይሽ። ሰደበኝ ቢላት በወደደች ነበር።

«‹አትሽሽ። እሑድ አብረን እንነግራቸዋለን› አለኝ።»

ይታይሽ ቀኝ እጇን ዘርግታ አየችው።

«በዚህ እጄ ነው ያጎረስሁህ» አለችው።