የደምመላሽ ስም በመስቀሉ ላይ

ሎዛ ልጅ ሳለች፣ ሰመራ ቤታቸው ውስጥ ከመጋረጃ ጀርባ ሆና ሁለት ሴቶች ሲያወሩ ሰምታ ነበር። «በቁሙ ስሙ መቃብር ላይ የተጻፈ ሰው…» አለች አንደኛዋ። የቀረውን ሎዛ አታስታውሰውም። «ዕድሜው ይረዝማል» ነበር ያለችው? ወይስ ሌላ?

ዘንድሮ አዋሽ ላይ፣ ፀሐይ አናት በሚበሳበት ሰዓት፣ ያ ያልተቋጨ ንግግር ተመልሶ መጣባት። ነገሩ እንዲህ ነው።

ሎዛ የፊልም አርት ዳይሬክተር ናት። ያልነበረ ቤት ታቆማለች፤ አዲስ ግድግዳ በቀለም ታስረጃለች። ከደምመላሽ ጋር የተዋወቁትም ለፊልም የሠራችውን በር በከባድ መኪናው ሲጭንላት ነው።

«ይሄ በር ወዴት ያስገባል?» አላት።

«የትም። ጀርባው ባዶ ነው።»

«እንግዲያው አንኳኩቼ ልጠብቅ» ብሎ ሳቀ።

ተዋደዱ። እናቱ እትዬ ስንቅነሽ ግን ሽማግሌ ለመላክ እሺ አላሉም። «የውሸት ቤት የምትሠራ ልጅ የእውነቱን ታቆማለች?» ይላሉ። «እስቲ ሥራዋን በዓይንሽ እዪውና ወስኚ» ብሎ ደምመላሽ ለመናቸውና እሱ ማለዳ ጅቡቲ ድንበር ወዳለው ገላፊ ነዳ።

እትዬ ስንቅነሽ ነጠላቸውን አጣፍተው ወደ ቀረጻው ቦታ መጡ። ለቀረጻ የተሠራው መቃብር ዘንድ ሲደርሱ ግን ቀጥ አሉ። በእንጨት መስቀሉ ላይ የልጃቸው ስም ተጽፏል።

«አንቺ ልጅ! በቁሙ ቀበርሽው?»

ሎዛም ልብ ያለችው ያን ጊዜ ነው። በጥድፊያ ስም አስፈልጓት፣ እጇ የለመደውን ጽፏል።

«እትዬ፣ በማርያም! ሌላ ስም አልመጣልኝም። ውዬ የማድረው እሱን ሳስብ ነው…»

«ደውዪለት!»

አይገኝም። ደገመች፤ አይገኝም። ወደ ገላፊ በሚወስደው መንገድ ከሰርዶ ወዲያ ኔትወርክ እንደሚጠፋ ሁለቱም ያውቃሉ፤ ማወቃቸው ግን አላሳረፋቸውም። የእትዬ ስንቅነሽ ከንፈር ያለ ድምፅ ይንቀሳቀሳል።

«ሟርት በእግዚአብሔር ላይ ጉልበት የለውም፣ አውቃለሁ» አሉ በመጨረሻ። «እናት ግን ትፈራለች።»

ዳይሬክተሩ ከወዲያ ጮኸ፦ «ሎዛ! ጊዜው እያመለጠን ነው! መስቀሉን አድርሺልን!»

ሎዛ ስሙን በብርጭቆ ወረቀት ፋቀችው። ከዚያ ብሩሹን ነክራ አንድ ፊደል ጀመረች። እትዬ ስንቅነሽ እጇን ያዟት።

«ደግሞ ምን ልትጽፊ ነው?»

«የራሴን። ክፉ ነገር ካለውም ወደ እኔ ይምጣ።»

ቀለሙ ከብሩሹ ጫፍ አቧራው ላይ ይንጠባጠባል። ድንገት እትዬ ስንቅነሽ ብሩሹን ቀምተው ወዲያ ወረወሩትና ወደ ዳይሬክተሩ ዞሩ።

«አንተ ጯሂ! በጀርባው በኩል ቅረጸው፣ ስም የለበትም!»

ዳይሬክተሩ መስቀሉን ሲያዞር የሎዛ ስልክ ጠራ፤ ደምመላሽ ነው።

«ሎዚ፣ ጎማ ፈንድቶብኝ ኔትወርክ የሌለበት በረሃ ላይ ቆሜ ነበር። እማዬ መጣች?»

ሎዛ ስልኩን ለእናቱ ሰጠቻቸው።

«ደምመላሽ፣ ቀስ ብለህ ንዳ» አሉ። «ስትመለስ ሽማግሌ ሰመራ እልካለሁ። የሰመራን ሙቀት ፈርተው እምቢ ካሉ፣ እኔው ራሴ ሄጄ አባቷን እለምናለሁ።»