ተቀባይ ያጣው ዜማ

ጣና ላይ በተንሳፈፈችው ከተማ ሲኒማ ቤት ሦስት መቶ ሰው አንድ ፊልም ያያል፤ ሙዚቃውን ግን እያንዳንዱ ለብቻው ነው የሚሰማው። ወንበሩ ውስጥ የተገጠመው «ልብ-ቃኝ»፣ የልብ ትርታ እያነበበ ዜማ የሚያዘጋጅ መሣሪያ፣ ለፈሪው ያለሰልሳል፣ ለሚያንቀላፋው ከበሮ ይጨምራል። ጎኔ የተቀመጠው ሰው ምን ይሰማ ይሆን ብሎ የሚጠይቅ ከጠፋ ቆይቷል።

የፊልም ሙዚቃ ደራሲው ይርዳው ምንተስኖት መነሻ ዜማውን በገዛ ድምፁ እያንጎራጎረ፣ ጭኑን እየመታ ይቀርጻል፤ የቀረውን መሣሪያው ይጨርሰዋል። አሁን ግን የፊልሙ ባለቤት ወይዘሮ ሙሉእመቤት መነሻውንም ለመሣሪያው ልስጠው ማለት ጀምረዋል። የዛሬው ምርቃት ካላማረ የሠላሳ ዓመት ሙያው እንዳከተመለት ይርዳው አሳምሮ ያውቃል።

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል ይባል የለ። ፊልሙ ሊያልቅ ሲል፣ እናት ወደ ማርስ የምትሄደውን ሙሽራ ልጇን ስትሸኝ፣ ልብ-ቃኞቹ ሁሉ ባንድ ጊዜ ቀጥ አሉ። በአዳራሹ ድምፅ ማጉያ የወጣው የይርዳው ጥሬ ቅጂ ነበር፤ ጉሮሮውን ሲጠርግ ሳይቀር።

ይርዳው ወንበሩ ላይ ተሸማቀቀ። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠው በወደደ። ቅጂው ግን ምን ገዶት፤ «መንገዷን ጥረጉ» ብሎ አወጣ፣ «ትሂድ በደህና» ብሎ አንድ ጊዜ ራሱ ተቀበለ። ከዚያ ወዲያ እያወጣ መቀበያውን ባዶ ይተወዋል፤ መሣሪያው ይሙላው ብሎ።

«ኮከቡ ይብራላት» አለ ቅጂው። የተቀበለ የለም።

ይርዳው አጠገቡ ወዳለችው ቴክኒሻን ወደ ትርሲት ዞሮ «አጥፊው በናትሽ» አላት። እምቢ አለኝ ጋሼ፣ አለችው፤ ማጥፊያውን ደጋግማ እየተጫነች።

«እናቷን ታስታውስ» አለ ቅጂው። ከኋላ አንዲት ሴት ለራሷ ያህል «ትሂድ በደህና» አለች። ዘፈን ወጥቶ ሳይቀበሉት መቅረት ነውር መሆኑን ማን እንደነገራት እንጃ። በሚቀጥለው ስንኝ ረድፉ ሁሉ ተቀበለ፤ ቀጥሎ አዳራሹ በጭብጨባ ሞቀ። ወይዘሮ ሙሉእመቤት ግራ ቀኝ አይተው፣ አፈር ብለው፣ እልልታቸውን አቀለጡት።

ይርዳው እፎይ ብሎ ወንበሩ ላይ ተዘረፈጠ፤ ደስ ብሎት አለቀሰ።

መብራት ሲበራ ወይዘሮዋ እጁን ጨበጡት። «የሚቀጥለው ፊልም የእርስዎ ነው» አሉት። «ብቻ ባዶ ቦታ መተውዎን እንዳይረሱ።»

ትርሲት የብልሽቱን ሪፖርት እያነበበች መጣች። ለካ መሣሪያዎቹ በዘፈኑ መሐል ነቅተው ነበር፤ ግን ማን ማን እንደሆነ መለየት አቃታቸው። «ሦስት መቶው ልብ እኩል ይመታ ነበር ጋሼ» አለችው። «አዳራሹ ውስጥ ያለው አንድ ሰው ብቻ ነው ብለው መዝግበዋል። ስህተቱን ላርመው?»

ይርዳው አሁንም እያንጎራጎረ የሚወጣውን ሰው ሁሉ አየ።

«ተይው» አላት። «አንድ መሆናችንን እኛም ረስተነው ነበር።»