የተጠነጠነ ካሴት

አስያ ሬሳውን ያገኘችው ረፋድ ላይ፣ የመድኃኒታቸውን ሰዓት ጠብቃ ስትመጣ ነበር። ጋሽ ገብረ ወልድ በቪዲዮ ካሴት መደርደሪያዎቻቸው መካከል በጀርባቸው ወድቀዋል፤ የአንዱ መደርደሪያ የብረት ጠርዝ ደም ነክቶታል። መስኮት በሌለው በዚያ ክፍል የካሴት ማጫወቻው፣ የዴኩ፣ መብራት ገና አልጠፋም። እሷ ሄምሼንስት የሚባለው የቤት ለቤት እንክብካቤ አገልግሎት የላካት የአዛውንቶች ረዳት ናት፤ የቤቱ ሁለተኛ ቁልፍም በእሷ አንገት ላይ ነበር።

የመኖሪያ ፈቃዷ በዚህ ሥራ ላይ የተንጠለጠለ ነው። «በሩ አልተሰበረም፤ ቁልፉ ያለው እሷ ጋ ነው» የሚለው ወሬ ከሟቹ ሰፈር ከሶደርማልም ተነስቶ እሷ የምትኖርበት አልቢ የደረሰው ከእሷ ቀድሞ ነው። ወደ ፊት ወህኒ፣ ወደ ኋላ አውሮፕላን፤ ግራ ቀኙ ግድግዳ ሆነባት።

በሦስተኛው ቀን መርማሪ ልደታ መጣች፤ አምሳ ዓመት ያለፋት፣ ሰው ሲናገር ከአፉ ይልቅ እጁን የምታይ ሴት።

«ዴኩን ነክተሻል?»

«ወላሂ አልነካሁም! እንዴት እንደሚሠራም አላውቅ።»

ዴኩ ውስጥ የነበረው ካሴት ደርግ ያገደው፣ ደሴ ላይ የቤት ለቤት አሰሳ ሲደረግ የተቀረጸ ፊልም ነው። ሌላ ቅጂ የለውም። ጋሽ ገብረ ወልድ በሞቱበት ዕለት ማግስት ለፊልም ቤተ መዛግብት ሊሰጡት ቀጠሮ ነበራቸው። አሁን ግን መሐሉ አምስት ደቂቃ ሙሉ ጨለማ ነው፤ ተደምስሷል። ካሴቱም ወደ መጀመሪያው ተጠንጥኗል።

ከሶልና የመጣችው ልጃቸው ሜላት ይህን ስትሰማ ግራ ገባት። «አባዬ አይቶ አያጠነጥንም። እንዳለቀ ያስቀምጠዋል፤ የሚያጠነጥነው ሊያይ ሲል ብቻ ነው። ልጅ ሆኜ አጠንጥኜ መልሼ የተቆጣኝን አልረሳውም።»

የሟች የአርባ ዓመት ወዳጅ ጀማሉዲን ግን ፈገግ አሉ። «ደሴ ቪዲዮ አከራይ ነበርኩ። ሳያጠነጥን የሚመልስ ደንበኛ ደጄን አይረግጥም ነበር! በዕለቱ ግን እዚህ አልመጣሁም።»

ዓርብ ከሰዓት ልደታ ሦስቱንም በዚያው ክፍል ሰብስባ በሩን ዘጋች። አየሩ ታፈነ። ጀማሉዲንን ከዴኩ አጠገብ አስቀመጠችና ሊያልቅ ጥቂት የቀረው የሠርግ ካሴት ከፈተች።

«ገዳዩን ያስገቡት ሟቹ ራሳቸው ናቸው፤ ለወዳጅ በር ይከፈታል» አለች። አስያ ትንፋሿ መለስ አለ። «ከገፈተራቸው በኋላ ካሴቱን አልወሰደም፤ ቢጠፋ በማግስቱ ይፈለጋልና። አምስት ደቂቃ ብቻ ደምስሶ አጠነጠነው። አስያ ዴክ አታውቅም። ሜላት ታውቃለች፤ በዚህ ቤት ግን አይታ አታጠነጥንም። ታዲያ ማነው?»

ሠርጉ አለቀና ማሳያው ጠቆረ። የጀማሉዲን ዓይን ከልደታ ሳይነቀል እጃቸው ወደ ዴኩ ሄደ፤ ማጠንጠኛውን ተጫኑ። ካሴቱ እያፏጨ ወደ ኋላ መሽከርከር ጀመረ።

«አመል ያወጣል ከመሐል» አለች ልደታ በቀስታ።

ጀማሉዲን እጃቸውን አዩት። ፊታቸው አመድ መሰለ።

«አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር» አሉ። «የገብረ ወልድን ወንድም ቤት በጣቴ ለካድሬዎቹ ሳሳይ ተቀርጿል። ለዓለም አታሳይብኝ ብዬ ለመንኩት። እምቢ አለኝ። ገፋሁት እንጂ ልገድለው አላሰብኩም!»

ልደታ በሩን ከፈተችው። አስያ መውጣት ትችል ነበር፤ ግን ወደ ጀማሉዲን ዞረች።

«ጋሽ ጀማል፣ ካሴት ለመጠንጠን ስንት ደቂቃ ይፈጃል?»

«ሦስት።»

«ያን ሦስት ደቂቃ ጋሼ ይተነፍሱ ነበር?»

ጀማሉዲን አንገታቸውን ደፉ። ካሴቱ መጀመሪያው ላይ ደርሶ ቀጭ ብሎ ቆመ።